ሃያሲያችን ያመሰገነን ዕለት

ክቡራን አንባቢያን፣ ስለ ከተማችን ዓለም አቀፍ የትዕይንተ ጥበባት ፌስቲቫል የምጽፈው ለክብሩ ስል ቆሜ ነው። እናንተ ግን ተቀምጣችሁ ማንበብ ትችላላችሁ፤ ደንቡ አይከለክልም። ደንቡን ያረቀቅሁት እኔ ስለሆንኩ አውቀዋለሁ። የአዘጋጅ ኮሚቴው ዋና ጸሐፊ ነኝ።

ፌስቲቫላችን ዓለም አቀፍ የተባለው ያለ ምክንያት አይደለም። ከአራት ዓመት በፊት አንድ የቶጎ የጭነት መኪና ሹፌር ጎማ ፈንድቶበት ሁለት ቀን አብሮን ቆይቶ ነበር። ከሁለቱ ቀን አንዱን ቲያትራችን ፊት ተኝቶ ስላሳለፈው፣ ኮሚቴው ይህንኑ በቃለ ጉባኤ አስፍሮ የፌስቲቫሉን ስም በሙሉ ድምፅ አሻሻለ። ኮሚቴው ዛሬ አሥራ አንድ ንዑሳን ኮሚቴዎች አሉት። የወንበር አለ፣ የዳስ አለ፣ የጭብጨባ አለ፣ የክብር እንግዶች ምሳም አለ። የቲያትር ንዑስ ኮሚቴ ይቋቋም የሚል ሐሳብ ቀርቦ ነበር። ፕሬዚዳንታችን አቶ ቡሬይማ ሌንጋኔ «ቲያትሩን እንኳ ብቻዬን እችለዋለሁ» ስላሉ ሐሳቡ በምስጋና ተዘጋ።

እውነታቸውን ነው፤ ይችሉታል። አቶ ቡሬይማ ጡረታ የወጡ የግብርና ሠራተኛ ናቸው። ፌስቲቫሉ ከረቡዕ እስከ እሑድ ሲካሄድ በየቀኑ የሚታየውን «የአንድነት ጎተራ» የተባለውን ቲያትር የደረሱት እሳቸው፣ ያዘጋጁት እሳቸው፣ መሪ ተዋናዩም እንዳጋጣሚ እሳቸው ናቸው። ታሪኩ አጭር ነው። ባሏ የሞተባት አንዲት ሴት ጎተራዋ ይቃጠልባትና ወደ መንደሩ አለቃ መጥታ ተንበርክካ «ጎተራዬ ነደደ። ልጆቼን ምን ላብላ?» ትላለች። አለቃው ይመልሱላታል። መልሱ ሦስት ሰዓት ተኩል ይፈጃል። ስለ አንድነት፣ ስለ ትዕግሥት፣ ስለ ብስባሽ ማዳበሪያና በመስመር ስለ መዝራት ይነግሯታል። ልጆቹ በመጨረሻ ምን እንደበሉ ቲያትሩ አይገልጽም።

ሴትዮዋን የምትጫወተው ዘናቡ ዳብሬ ናት፤ ኑሮዋ በገበያው ዳር ልብስ መስፋት ነው። አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ ሁለቱን ዓረፍተ ነገሮቿን ተናግራ ተንበርክካ ስታዳምጥ ኖራለች። በየዓመቱ ከዋና ከተማው ከዋጋዱጉ ሦስት መራጮች ይመጡና ለብሔራዊ መድረክ የሚበቃ ቲያትር ካገኙ ይዘው ይሄዳሉ። የእኛን ወስደው አያውቁም። ዘናቡ ከዚህ ዓለም የምትፈልገው አንድ ነገር ቢኖር በዚያ ብሔራዊ መድረክ ላይ አንድ ጊዜ ቆማ መጫወት ነው። ይህን ስትናገር «ቆሜ» የሚለውን ጠበቅ ታደርገዋለች። ኮሚቴው ምን ለማለት እንደፈለገች እስካሁን አልገባውም።

አምና አንድ ሃያሲ ከዋና ከተማው መጥቶ በጋዜጣው ላይ «ቲያትሩ እስኪጀመር አራት ሰዓት ጠበቅሁ፤ ከዚያ አለቀ ብለው አስወጡኝ» ብሎ ጻፈ። ከተማው በሙሉ ታመመ። አቶ ቡሬይማ ሁለት ሳምንት ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዙረው ተኙ። ስለዚህ ዘንድሮ ኮሚቴው ልዩ ስብሰባ ጠርቶ «ነቀፌታን እንዴት እንከላከል?» በሚል ርዕስ መከረ።

«ሃያሲ ባይኖርስ?» አልኩ እኔ።

«ዓለም አቀፍ ሆኖ ሃያሲ የሌለው ፌስቲቫል የት አየህ?» አሉ አቶ ቡሬይማ። «ይኑር፤ ግን የማያስቆጣ ይሁን። እኛ ምንድን ነን?»

«ቢሳዎች ነና።»

«ቢሳን ሰድቦ ማስቆጣት የማይችል ማን ነው?»

ሁላችንም በአንድ አፍ «ጉሩንሲ» አልን፤ በራሳችን ብልኅነትም ተደነቅን።

ነገሩ እንዲህ ነው። ቢሳና ጉሩንሲ የተባሉት ሁለቱ የአገራችን ብሔረሰቦች ከቅድመ አያት ጀምሮ የቀልድ ዘመዳሞች ናቸው። ጉሩንሲ ቢሳን የኦቾሎኒ ሌባ ይለዋል፣ ቢሳ ጉሩንሲን ውሻ በላ ይለዋል። በሠርግ ይሰዳደባሉ፣ በለቅሶ ቤት ሬሳው ፊት ይሰዳደባሉ። የተሰደበ ሰው ሥራው መሳቅና መልሶ መስደብ ነው፤ ከተቆጣ ዶሮ ይክሳል፣ መሳቂያም ይሆናል። ስለዚህ ጉሩንሲ የሆነ ሃያሲ የፈለገውን ቢጽፍ ዘመድነቱን አጠበቀ እንጂ ማንንም አልነቀፈም ማለት ነው።

በከተማችን ያሉት ጉሩንሲዎች ሦስት ናቸው። አንዱ የብየዳ ሠራተኛ ነው፤ አንዱ ነርስ ነው፤ ሦስተኛው የሁለተኛ ደረጃ የጂኦግራፊ መምህሩ ኤልዋ ባቲዮኖ ነው። የብየዳ ሠራተኛው ሥራ በዝቶበታል፣ ነርሱም ተረኛ ነው። ባቲዮኖ በሙሉ ድምፅ «የፌስቲቫሉ ኦፊሴላዊ ሃያሲ» ተብሎ ተሾመ። በደንባችን መሠረት ሃያሲው ጽሑፉን የሚፈርመው በማዕረጉ ብቻ ነው፤ ማዕረግ ካለ ስም ምን ያደርጋል ብለን ነው። የዕለቱ ጽሑፍ ጠዋት ጠዋት በኮሚቴው ፊት ይነበባል፣ በመጨረሻም ተሰብስቦ ለመራጮቹ በሚሰጠው መጽሔት ይታተማል።

አንድ ነገር ግን ሳናጣራ ቀረን። ባቲዮኖ ቲያትር ይወድ ነበር።

ረቡዕ የታየውን አይቶ ሐሙስ ጠዋት ጽሑፉን ይዞ መጣ። እኔው አነበብኩት። «አለቃው የሚናገሩት ዝም ካሉ ይቀብሯቸው ይመስል ነው። በዚህ መድረክ ላይ ሰው ያየሁት አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ዘናቡ ዳብሬ 'ልጆቼን ምን ላብላ?' ብላ የጠየቀች ጊዜ። ንግግሩ ይቆረጥ፤ መድረኩ ለሴትዮዋ ይሰጥ።»

ኮሚቴው በሳቅ ፈረሰ። የወንበር ንዑስ ኮሚቴ ሰብሳቢው ከወንበሩ ወደቁ። አቶ ቡሬይማ እንባቸውን እየጠረጉ፣

«አይ ይሄ ውሻ በላ፣ አንጀቴን አራሰው!» አሉ።

«ቡሬይማ፣ ቁም ነገሬን ነው» አለ ባቲዮኖ። የቀልድ ዘመድ ስለሆነ አንተ ነው የሚላቸው።

«እኔስ? ዛሬ ደግሞ ጠበቅ አድርገህ ጻፍ።»

«እያልኩህ ያለሁት ንግግርህ ሰው ይገድላል ነው።»

«ሰማችሁት? ይገድላል አለ! ጸሐፊ፣ ይመዝገብ።»

መዘገብኩ። አቶ ቡሬይማ ደስታቸውን ለመግለጽ በዚያው ቀን በንግግራቸው ላይ ስለ ዘመድ ፍቅር ሩብ ሰዓት ጨመሩ። ባቲዮኖም የሐሙሱን አይቶ ዓርብ ጠዋት ከፊተኛው የባሰ ጽሑፍ አመጣ። «ይህን ቲያትር ያየ ሰው በተቃጠለው ጎተራ ይቀናል፤ ጎተራው ቢያንስ ቶሎ አልቋል» ይላል። ከመጠን በላይ ስለሳቅን አጀንዳው ለሌላ ጊዜ ተላለፈ። አቶ ቡሬይማ አንድ ጆንያ ኦቾሎኒ ቤቱ ድረስ ላኩለት።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ያወቅሁት ሱሪዬን ለማሳጠር ዘናቡ ሱቅ ተቀምጬ ሳለ ነው። ባቲዮኖ ገብቶ በርጩማ ላይ ዘፍ አለ።

«እህሳ፣ ውሻው አልበሰለም እንዴ?» አለችው ዘናቡ፣ ዓይኗን ከመርፌው ሳትነቅል።

«ዘናቡ፣ ዛሬ ቀልድ የለኝም። ስለ አንቺ የጻፍኩትን ሰምተሻል?»

«ሰምቻለሁ። ገበያው ሁሉ 'ሃያሲው ዘናቡ ጎበዝ ናት አለ' እያለ በሳቅ ይሞታል። የሚያስቅ ነገር አድርገኸኛል።»

«እውነቴን ነው የጻፍኩት።»

«እውነትህን ለማን ነው የምትነግረው? ለቢሳ! አንተ ሰድበህ ማን ሊሰማህ? ቅዳሜ መራጮቹ ይመጣሉ። ዘንድሮም ተንበርክኬ ያዩኝና ይሄዳሉ። ጉልበቴ እኮ አረጀ ባቲዮኖ።»

ይህን ስትል የስፌት መኪናዋን አቁማ ነበር። እኔም ሱሪ አልባ ስለነበርኩ ለመውጣት አልቻልኩም። እውነቱን ለመናገር አሳዘነችኝ፤ ጸሐፊ ባልሆን አንድ ነገር እል ነበር።

«ታዲያ ምን ላድርግ?» አላት።

ዘናቡ ክሩን በጥርሷ በጠሰች። «አንተ በሕይወትህ ቢሳን አመስግነህ ታውቃለህ?»

«እግዚአብሔር ያውጣኝ!»

«እንግዲያው አመስግን።»

ዓርብ ከሰዓት በኋላ፣ ቲያትሩ ሊጀመር አንድ ሰዓት ሲቀረው፣ ተጨማሪ ጽሑፍ ደረሰን። ኮሚቴው ሆዱን ይዞ ለሳቅ ተዘጋጀ። እኔም ጉሮሮዬን ጠርጌ አነበብኩ። «'የአንድነት ጎተራ' ታላቅ ሥራ ነው። የክቡር አቶ ቡሬይማ ሌንጋኔ ንግግር ጥልቅ ነው፤ ርዝመቱም የሚገባው ነው። ከዚህ ቲያትር አንዲት ቃል መቀነስ ወንጀል ነው። ደራሲውን ከልብ አመሰግናለሁ።»

የሳቀ የለም። አንዱ «ገልብጠህ አንብበው፣ ከጀርባው ይኖር ይሆናል» አለኝ። ገለበጥኩት፤ ባዶ ነው።

«ክቡር አለኝ?» አሉ አቶ ቡሬይማ ቀስ ብለው።

«ብሏል።»

«ከልብ አለ?»

«ከልብ ብሏል ክቡር ፕሬዚዳንት።»

«ምን አድርጌው ነው? ኦቾሎኒው ነቅዞ ይሆን?»

የዚያ ዕለት ቲያትር በአገራችን የጥበብ ታሪክ ለመጀመሪያ ጊዜ ተሰረዘ። የቀልድ ዘመድ ስድቡን ካቆመ ዝምድናውን አቆመ ማለት ነውና ከዚህ የከፋ ጠብ የለም። አቶ ቡሬይማ ወደ ቤታቸው ገብተው እንደ አምናው ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዞሩ። ባለቤታቸው ደጅ ላይ ቆመው ለሚመጣው ሁሉ «በኮሚቴው ፊት ክቡር አለው እኮ፤ እንዲህ ያለ ነውር በቤታችን ደርሶ አያውቅም» እያሉ ያስረዱ ነበር። ሽማግሌ ይላክ ተባለ። ሁለት አዛውንቶች፣ ነጭ አውራ ዶሮ፣ ለእርቅ የሚቀርብ የኮላ ፍሬና እኔ ተላክን።

ባቲዮኖ ደጁ ላይ ተቀበለን። ጎንበስ አለ። «እንደምን ዋላችሁ ክቡራን። ይግቡ፣ ይቀመጡ፣ ቤቴን አከበራችሁት» አለ።

ከአዛውንቶቹ አንዱ ደረታቸውን ያዙ። «ልጄ፣ ጨካኝ አትሁን። አንድ ጊዜ ብቻ ሌቦች በለን።»

«ኧረ እኔ እናንተን የመሰሉ የተከበሩ ሰዎች እንዴት ደፍሬ...»

«ይኸው ዶሮ። ይኸው ኮላ። ቡሬይማ እህል አልቀመሰም። ምን ብናደርግ ትሰድበናለህ?»

ባቲዮኖ በጣቱ መቁጠር ጀመረ። «ቲያትሩ አንድ ሰዓት ብቻ ይሁን» አለ። «አለቃው ምንም አይናገሩ። ሴትዮዋ ቆማ ትናገር። የምትናገረውን እኔና እሷ እንጽፈዋለን።»

ሮጬ ለአቶ ቡሬይማ አደረስኩ። ከግድግዳው ዞር አሉ።

«ምንም አትናገር ነው ያለው?»

«ምንም።»

«በምልክትስ?»

«ዝም ብለው እንዲቀመጡ ነው ክቡር ፕሬዚዳንት።»

በረጅሙ ተነፈሱ። «ለዘመድ ሲባል የማይሆን የለም። ይሁን በለው።»

ተመልሼ «ይሁን ብለዋል» ስለው ባቲዮኖ ብድግ አለና በሩን ወለል አድርጎ «ታዲያ ምን ትጠብቃላችሁ፣ ዶሮዬን አስቀምጣችሁ ጥፉ፣ እናንተ የኦቾሎኒ ሌቦች!» አለን። አዛውንቶቹ ተቃቅፈው አለቀሱ። መንገዱን ሁሉ እየዘመርን ተመለስን።

ቅዳሜ ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ የሆነውን ለመግለጽ የኮሚቴው ቋንቋ አይበቃኝም። ዘናቡ ቆመች። «ጎተራዬ ነደደ» አለች፤ አለቃውም ዝም አሉ። «ልጆቼን ምን ላብላ?» አለች፤ ዝም አሉ። ከዚያ ስለ ልጆቿ አንድ በአንድ ነገረቻቸው፤ የትኛው ሲርበው እንደሚያለቅስ፣ የትኛው ሲርበው እንደሚስቅ። አለቃው ዝም ባሉ ቁጥር ሕዝቡ ዓይኑን ከሳቸው ላይ እየነቀለ መሬት መሬት ያያል። የጭብጨባ ንዑስ ኮሚቴው ማጨብጨብ ረሳ። እኔ ዓይኔ ውስጥ አቧራ ገባ፤ የዳስ ንዑስ ኮሚቴው ሥራውን በደንብ ስላልሠራ ነው። ባቲዮኖን ዞር ብዬ ሳየው ፊቱን በሁለት እጁ ሸፍኗል።

ሲያልቅ ዘናቡ ላቧ ሳይደርቅ መጣችና ፊቱ ቆመች። «እህ? እንዴት ነበር? በል ንገረኝ።»

«አስቀያሚ» አላት፣ ፊቱን በክንዱ እየጠረገ። «የተቆላ ኦቾሎኒ ካንቺ ይሻላል።»

ዘናቡ እንደ ልጅ ሳቀች። የገባት ይመስለኛል።

ባቲዮኖ ግን ችግር ላይ ወደቀ። ጽሑፉን ማታ ለሚታተመው መጽሔት ማስረከብ አለበት። ቢያመሰግን ከተማው እንደገና ሊታመም ነው፤ አቶ ቡሬይማም ነገ ንግግራቸውን ይዘው ሊመለሱ ነው። ቃል ገብቷል፤ ዶሮውንም በልቷል። ስለዚህ ቁጭ ብሎ ጻፈ። «የዛሬው ነገር ኦቾሎኒ እየተፈለፈለ የተጻፈ ነው። ዘናቡ የምትባለው ሴት ከምትቆም ብትንበረከክ ይሻላት ነበር። ይህን ያየ ዓይን በሳሙና ይታጠብ።» ሲሰጠኝ «መራጮቹ እንደሆኑ በዓይናቸው አይተዋል፤ የኔ ጽሑፍ ምን ያደርጋቸዋል?» አለኝ። እኔም ጽሑፉን ከሌሎቹ ጋር በመጽሔቱ አሳተምኩ። ዘናቡ አንዱን ቅጂ ወስዳ የስፌት መኪናዋ ላይ ለጠፈችው።

መራጮቹ አላዩም። ሦስቱም ቅዳሜ ቀትር ላይ በሰላም ገብተው ነበር። ነገር ግን የክብር እንግዶች ምሳ ንዑስ ኮሚቴ ከሁሉም ንዑሳን ኮሚቴዎች የላቀ አፈጻጸም አስመዝግቦ የጅግራው ጥብስ እስከ አሥራ ሁለት ሰዓት ዘለቀ። ሄጄ «ቲያትሩ ተጀምሯል» ብላቸው የመራጮቹ ሰብሳቢ የጅግራ ጭን ይዘው «ልጄ፣ ሁሉን ነገር እኛ ካየነው ሃያሲ ለምን ተፈጠረ? መጽሔቱን አምጣልን» አሉኝ። ማታ እንደታተመ አመጣሁላቸው።

እሑድ ጠዋት ውሳኔያቸው በሦስት ቅጂ ተተይቦ፣ ማኅተም አርፎበት ወጣ። እንዲህ ይላል። «ከኦፊሴላዊው ሃያሲ ጽሑፎች ለመረዳት እንደተቻለው፣ ቲያትሩ ረቡዕ ደካማ ነበር፤ ሐሙስ ባሰበት፤ ዓርብ ከፍተኛ የጥበብ ደረጃ ላይ ደረሰ፤ ቅዳሜ ባልታወቀ ምክንያት ወደቀ። ስለሆነም የዓርቡ ቲያትር፣ ሃያሲው እንዳሳሰቡት አንዲት ቃል ሳይቀነስበት፣ በብሔራዊ መድረክ እንዲቀርብ ተወስኗል።» ዓርብ ቲያትር እንዳልነበረ ልነግራቸው አፌን ከፍቼ ነበር። ማኅተም ያረፈበት ነገር መሆኑን ሳይ ዘጋሁት።

ከተማው በእልልታ ተናወጠ። አቶ ቡሬይማ ንግግራቸውን ከሳጥን አውጥተው አቧራውን አራገፉ። ባቲዮኖ ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበበውና እዚያው መንገድ ላይ፣ በእንግዳ ማረፊያው አጥር ተደግፎ፣ ለመራጮቹ ደብዳቤ ጻፈ። ያመሰገንኩት ውሸቴን ነው፤ የሰደብኩት የዕድሜዬን ምርጥ ቲያትር ነው፤ ዘናቡ ዳብሬን ሳታዩ አትሂዱ፤ እባካችሁ ከሰዓት በኋላ አንድ ሰዓት ብቻ ስጡን ይላል። ለመጀመሪያ ጊዜም በስሙ ፈረመ።

ሰብሳቢው ስሙን አይተው ቀና አሉ። «ባቲዮኖ? ይሄ ሰውዬ ጉሩንሲ ነው እንዴ?»

«አዎ ክቡር ሰብሳቢ» አልኩ።

«እናንተስ?»

«ቢሳ።»

ሰብሳቢው መሳቅ ጀመሩ። ሌሎቹ ሁለቱም ተከተሏቸው። አንደኛዋ መራጭ ድንገት ሳቋን አቋርጣ፣

«ቆይ፣ እንግዲያው የቅዳሜው ስድብም ቀልድ ነበር ማለት አይደለም? የዓርቡ ምስጋናስ?» አለች።

«እመቤቴ፣» አሉ ሰብሳቢው፣ «ጽሑፎቹ በማዕረግ የተፈረሙ ስለሆኑ ሰነድ ናቸው። ይሄኛው በስም ስለተፈረመ ቀልድ ነው። ደግሞም ማኅተሙ ደርቋል።»

ከሰዓት በኋላ በመዝጊያው ሥነ ሥርዓት ላይ ሰብሳቢው ራሳቸው ደብዳቤውን ለሕዝብ አነበቡት። «የዕድሜዬ ምርጥ ቲያትር» የሚለው ላይ ሲደርሱ ሰው ሆዱን ይዞ ተንፈራፈረ። «እባካችሁ» የሚለው ላይ አቶ ቡሬይማ ከመሳቅ ብዛት ውሃ ተረጨባቸው። ደብዳቤው በሙሉ ድምፅ የፌስቲቫሉ ምርጥ ኮሜዲ ተባለና ባቲዮኖ ተሸላሚ ሆኖ ወደ መድረክ ተጠራ።

ወጣ። ለሽልማት የተዘጋጀውን የተቀረጸ ቅል ተቀበለ። «አልቀለድኩም» አለ፤ ሳቁ ዳሱን ሊያፈርሰው ደረሰ። «እለምናችኋለሁ፣ አልቀለድኩም» አለና እንባው በጉንጩ ላይ ወረደ። እውነት ለመናገር ማናችንም እንዲህ ያለ ትወና አልጠበቅንም። የጂኦግራፊ መምህር ሆኖ መቅረቱ ያስቆጫል።

በዚያ ሁሉ ሕዝብ መካከል ያልሳቀችው ዘናቡ ዳብሬ ብቻ ናት። ከኋላ ወንበር ላይ እጇን ጭኗ ላይ አድርጋ እሱን እሱን ታይ ነበር። አሥራ ሁለት ዓመት አብራን ስትሠራ ቲያትር እንደማይገባት ሳናውቅ መቆየታችን ኮሚቴውን በእጅጉ አሳዝኗል።